ለሎሚ የታዘዘላት ጠባቂ

ይህ ታሪክ ከራስጌው እስከ ግርጌው እውነት ነው። ውሸት ከተገኘበት የቆቃ ቢምቢ ትብላኝ፤ የቆቃ ቢምቢ ደግሞ እንደ ሌላ አገር ቢምቢ ነክሳ የምትበር እንዳትመስላችሁ። መጀመሪያ አጎበሩን በሥርዓት አጥፋ ራስጌ ታስቀምጣለች፤ ከዚያ ነው ወደ ሥራዋ የምትገባው። ካላመናችሁ የናዝሬትን ነፋስ ጠይቁ። የአንድ ቄስ ጥምጥም ከገበያ መካከል አንሥቶ፣ ውሉን ሳይፈታ፣ ወንጂ ሸንኮራ ማሳ ውስጥ አንድ አገዳ አናት ላይ የደፋ ነፋስ ነው፤ እሱ አይዋሽም።

የሶማሌ ጦርነት በተፋፋመበት ዓመት፣ ኅዳር ላይ ነው። የናዝሬት ፖሊስ መርማሪ መቶ አለቃ አብተው ገና ፊቱን ሳይታጠብ፣ ቆቃ ሐይቅ ዳር አንድ ሰው ሽንኩርት ማሳ ውስጥ ሞቶ ተገኘ የሚል ወሬ ደረሰው።

"የማን ማሳ?" አለ።

"የሎሚ።"

አብተው ሻዩን አስቀመጠና ተነሣ።

የጣቢያው ላንድሮቨር እንግሊዝ የሠራው፣ ናዝሬት ያለ አንድ ጣልያን መካኒክ ያሳደገው መኪና ነበር። በአማርኛ ቢለምኑት አይነሣም። አብተው ከጣልያንኛ የሚያውቃት "ፖርካ ሚዜሪያ" የምትለዋን ስድብ ብቻ ናት፤ እሷን ደጋግሞ ካልጮኸበት ላንድሮቨሩ አያስነጥስም። ያን ዕለት ግን ሳይሰደብ ተነሣ። አብተው ደስ አላለውም። እንዲህ ያለ መኪና እሺ ካለ፣ የሚጠብቀው ነገር ክፉ ነው።

ሎሚን ጣቢያው ሁሉ ያውቃታል። ከሞጆ ወደ ዓለም ጤና ሲኬድ፣ ከቆቃ ሐይቅ ጥግ፣ በቦይ የምትጠጣ መሬት አለቻት። ባሏ ነጋሳ በወባ ከሞተ ወዲህ ሽንኩርት የምታለማባት እሷው ናት። የነጋሳ ታናሽ ወንድም ገመዳ መጣና፣ "የወንድሜ መሬት የኔ ነው፤ በአባቶቻችን ወግ ደግሞ አንቺም ጭምር" አላት። እሷም፣ "መሬቱ በአዋጅ የመንግሥት ሆኗል፤ እኔ ደግሞ የራሴ ነኝ" አለችው። ከዚያ ወዲያ ሰላም የለም። ቦይ እየከፈተ ችግኟን አሰጠመው፤ አጥሯን ነቀለው። በዓለም ጤና ገበያ መካከል ቆሞም፣ "ይህ ሽንኩርት ለለቅሶሽ ወጥ ነው የሚሆነው!" ብሎ ፎከረባት።

የገበሬ ማኅበሩ ፍርድ ሸንጎ "ተስማሙ" እያለ ቢያመላልሳት ጊዜ ናዝሬት ፍርድ ቤት ሄዳ ዳኛው ፊት አለቀሰች። አለቀሰች ስላችሁ እንደ ሰው እንዳይመስላችሁ፤ ጸሐፊው ወረቀቱን ፀሐይ ላይ አስጥቶ ነው ትእዛዙን የጻፈው። ትእዛዙም፣ ሽንኩርቷን ነቅላ እስክትጨርስ ፖሊስ ማሳዋ ላይ ቆሞ ይጠብቃት የሚል ነበር። ወደ አብተው ተመራ። አብተውም ኮንስታብል አምባዬን ላከው።

አምባዬ ሰንጋ ተራ ተወልዶ ያደገ የአዲስ አበባ ልጅ ነው። ሽንኩርት ከወጥ ውጭ አይቶ አያውቅም፤ "ዛፉ ረጅም ነው ወይስ አጭር?" ብሎ ጣቢያውን በሳቅ የገደለ እሱ ነው። ሲሸኘው አብተው አንድ ምክር ሰጠው፤ በምክሩም ሁሉም ሳቁ። ምክሩን ጊዜው ሲደርስ እነግራችኋለሁ።

ማሳው ላይ ጉሙ ገና አልተገፈፈም ነበር። ገመዳ በሁለት የሽንኩርት መደቦች መካከል በግንባሩ ተደፍቷል። የራስ ቅሉ በጎን በኩል ገብቷል። አጠገቡ አንዲት ትንሽ መጥረቢያ ወድቃለች። ቀኝ እጁ እንደ ሕፃን ጡጫ ተጨብጧል፤ በጣቶቹ መካከል የሣር ጫፍ ይታያል።

የገበሬ ማኅበሩ ሊቀመንበር ገርባ ጠመንጃውን በገመድ አንግቶ ይጮሃል። የገርባ ድምፅ በሰልፍ ቀን "ይውደም!" ሲል ሞጆ ላይ ጋሪ የሚጎትት ፈረስ ያስደነብራል ይባላል፤ እውነት ነው።

"ጓድ መቶ አለቃ! ምርመራ አያስፈልግም! ገዳይዋ ይህችውና!"

ሎሚ የተነቀለው ሽንኩርት ክምር ላይ ተቀምጣለች። ነጠላዋን እስከ ቅንድቧ አውርዳ የሟቹን እጅ ታያለች። ፊቱን አይደለም፤ እጁን።

"ይታሰሩ ነው የምትለው?" አለ አብተው።

"ይታሰሩና ሽንኩርቱን ማኅበሩ ይንቀለው። መሬቱም ባለቤት ስለሌለው ወደ ማኅበሩ ይዞራል። ገዳይ መሬት አይዝም፤ ይሄ የታወቀ ነው።"

"አንተ ቸኩለሃል።"

"አብዮቱ ነው የቸኮለው፣ ጓድ።"

አብተው ዞር ብሎ አምባዬን አየው። ልጁ ሱሪው እስከ ጉልበቱ ረጥቧል፤ ጠመንጃውን በደረቱ አቅፏል።

"የት ነበርክ?"

"ጎህ ሲቀድ ወደ ቦዩ ወረድኩ፣ ጌታዬ። ፊቴን ልታጠብ። ስመለስ ወድቆ አገኘሁት።"

"ድምፅ አልሰማህም?"

"እንቁራሪቱ..." አለና ወደ ቦዩ አመለከተ።

"መጥረቢያውስ?"

"ይዞት የመጣ ይመስለኛል።"

አብተው መጥረቢያዋን አነሣት። አንድ ነጠብጣብ ደም የለባትም፤ ስለቷ ላይ የእንጨት ፍቅፋቂ ተጣብቋል። ገመዳ ይዟት መጥቶ ሊሆን ይችላል፤ የገደለው ግን በእሷ አልገደለውም። ወደ ሎሚ ጎንበስ አለ።

"እማማ ሎሚ፣ እርስዎ ምን አዩ?"

"ከጎጆዬ አልወጣሁም።"

"ጩኸት አልሰሙም?"

"ገመዳ ሲጮህ የኖረ ሰው ነው" አለች። "ዛሬ ነው ያልጮኸው።"

አብተው መልሱ ገረመው፤ ግን ከሐዘን ቆጠረው። ሊሄድ ሲል ጎጆዋ ደጃፍ ላይ የማገዶ ክምር አየ። ከሥር ያለው እንጨት በስለት ተቆርጧል፤ ከላይ ያለው ግን በጉልበት ተሰብሯል፤ ጫፉ የተዘነጣጠለ ነው። አየና አለፈው። ዐይኑ ገርባ ላይ ነበርና። በገርባ ካኪ ሱሪ፣ በሁለቱም ጉልበቶቹ ላይ፣ ቀይ ነገር ተለድፏል።

"ይሄ ምንድን ነው?"

ገርባ ጎንበስ ብሎ አየው። ያ ሁሉ ድምፅ የት እንደገባ እንጃ፤ "የዶሮ ደም ነው" አለ፤ በጭንቅ ተሰማ።

"ተንበርክከህ ነው ዶሮ የምታርደው?"

ገርባ ጉልበቶቹን በእጆቹ ሸፈነ።

የገመዳ ሚስት ቡዜ ደጃፏ ላይ ቆማ ጠበቀችው። እንባ የለም። የሚጮሁላት ጎረቤቶቿ ናቸው።

"መጥረቢያው የናንተ ነው?"

"የኛ መጥረቢያ ያውልህ፣ ግንዱ ላይ እንደተሰካ።"

"ታዲያ በምን ሊገድላት ሄደ?"

"ሊገድላት ነው የሄደው ማን አለ?"

"ገበያው ሁሉ ሰምቷል። ለለቅሶሽ ወጥ ብሏታል።"

"አፉ ነው። የገመዳ ትልቁ ነገር አፉ ነው፤ ሌላው መጠነኛ ነው።" የአፏ ዳር ትንሽ ተነቃነቀ፤ ሳቅ ሊሆን ሲል ሌላ ነገር ሆነ። "ዱላውንም ትቶ ነው የወጣው። ያው ቆሟል።"

በሩ ጥግ ላይ እጅ ያለፋው፣ የሚያብረቀርቅ የወይራ ዱላ ተደግፏል።

"ረስቶት ይሆናል።"

ቡዜ ሰውየው ከየት አገር እንደመጣ ለማወቅ የፈለገች ይመስል አተኩራ አየችው። "ዱላ ይረሳል?"

"ሲወጣ ምን አለሽ?"

"ምንም። ሲወጣ አይቼው... አንድ ነገር ጠርጥሬ ነበር። ደግ ነገር። ግን መጥረቢያ ይዞ ነው የተገኘው ብለውኛል። እንግዲህ ባሌን አላውቀውም ነበር ማለት ነው።" ፊቷን አዞረች። "የባሰ ነገር ልንገርህ? ስሙ ለሚሊሻ ወጥቶ ነበር። ሊዘምት ነበር።"

"ስሙን ማን አወጣው?"

"ገርባ ነዋ! ሌላ ማን አለን?"

አብተው ወደ ላንድሮቨሩ ሲመለስ ሐሳቡ ተጠናቆ ነበር። ሁለት ሰዎች በአንድ መሬት ይጣላሉ። አንደኛው ይገደላል፤ ሌላይቱ ትታሰራለች። መሬቱ ለማን ይቀራል? ለማኅበሩ። ማኅበሩ ማን ነው? ሲጮህ ፈረስ የሚያስደነብር ሰው።

ሬሳው ናዝሬት ሆስፒታል ገባ። ሬሳውን የመረመረችው ነርስ፣ ሲስተር እናትነሽ፣ መነጽሯን አውልቃ ወጣች። ከናዝሬት ሴቶች ሁሉ አብተው የሚፈራው እሷን ነው፤ መርፌ ስትወጋ ይቅርታ አትጠይቅምና።

"መጥረቢያ አይደለም" አለችው። "ድንጋይም አይደለም። ጠፍጣፋ ነው፤ ጠርዙ ቀጥ ያለ ብረት ነው። እኔን ከጠየቁኝ የጠመንጃ ሰደፍ ነው።"

"አንዴ?"

"አንዴ። የመታው ሰው ሊገድለው የፈለገ አይመስለኝም። የሚገድል ሰው ይደግማል።" ከኪሷ በፋሻ የተጠቀለለ ነገር አወጣች። "ይሄ እጁ ውስጥ ነበር። ጣቶቹን ለማላቀቅ ሁለት ሰው ታግሎ ነው። ይፈልጉት እንደሆነ አላውቅም።"

አብተው ፋሻውን ሳይፈታ ኪሱ ከተተው። በዚያ ሁሉ ቀበሌ ሰደፍ ያለው ሁለት ሰው ነው፤ ገርባና አምባዬ። አምባዬን የላከው እሱ ራሱ ነው። ሰው የላከውን አይጠረጥርም። ስለዚህ አንድ ሰው ቀረ።

ገርባ ናዝሬት ጣቢያ መጥቶ ሲቀመጥ ወንበሩ ጮኸ፤ እሱ ግን ጸጥ አለ።

"የዚያን ዕለት ሌሊት የት አደርክ?"

"ስብሰባ ላይ።"

"የት?"

"ናዝሬት። ጠዋት በመጀመሪያው አውቶቡስ ተመለስኩ።"

"የምን ስብሰባ ነው ሰው የሚያሳድር?"

"ምስጢራዊ ነው።"

"ካድሬውን ጠይቄዋለሁ። ስብሰባ የሚባል አልነበረም አለ።"

"ለካድሬው የማይነገር ምስጢር ነው።"

"ገርባ! ለካድሬ የማይነገር ምስጢር ያለው ሰው ምን እንደሚባል ታውቃለህ?"

ገርባ ላቡን በመዳፉ ጠረገ። "አውቃለሁ። ሳወግዘው ነው የኖርኩት።"

"ጉልበትህ ላይ ያለው ደም የማን ነው?"

"ደም አይደለም።"

"ማሳው ላይ የዶሮ ደም ነው አላልክም?"

"ጓድ መቶ አለቃ፣ እሰረኝ" አለ ገርባ። "እሰረኝ ብቻ። አትጠይቀኝ።"

አሰረው። ዘበኛው እንደመሰከረው ያ ሞጆን የሚያናውጥ ሰው ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ቀኑን ሙሉ ከንፈሩን ሲያንቀሳቅስ ዋለ። አብተው ጸጸት ነው ብሎ ደስ አለው። የምርመራ መዝገቡን ሊዘጋ ብዕር ሲያነሣ ሲስተር እናትነሽ ነጭ ጋውኗን እንደለበሰች ገባች፤ በሩንም ከኋላዋ ዘጋች።

"ሊቀመንበሩን ይፍቱት።"

"ሰደፍ ነው ያሉኝ እርስዎ አይደሉም እንዴ?"

"የሱ ሰደፍ አይደለም። እሱ እኔ ቤት ነበር፤ እስኪነጋ።"

አብተው ብዕሩን አስቀመጠ። የገርባን ሆድና የእናትነሽን መነጽር በአንድ ላይ ሊያስባቸው ሞከረና አቃተው። "ይቅርታ... ምን ሲያደርግ?"

"ተንበርክኮ።" ቀና ብላ አየችው። "የኔ ሳሎን ወለል ቀይ ሰም ነው፤ አርብ አርብ አስቀባዋለሁ። ቤተ ክርስቲያናችን ከታሸገ ወዲህ የምንጸልየው እዚያ ነው። እሱ ሲጸልይ ድምፁ ስለማይያዝለት አፉን ትራስ ላይ እንዲያደርግ ነው የምናደርገው። እንዲያም ሆኖ ጎረቤቴ 'ቤትሽ ውስጥ ወፍጮ ተከልሽ እንዴ?' ብላኛለች።"

"ይህን ለፖሊስ መናገር ምን እንደሚያስከትል ያውቃሉ?"

"ሰው በሐሰት ከሚታሰር እኔ በእውነት ብታሰር ይሻለኛል።"

መቶ አለቃ አብተው ጆሮውን በትንሽ ጣቱ ኮረኮረ። "ሲስተር፣ ይሄ የናዝሬት ነፋስ ጆሮዬን አቧራ ሞልቶታል። የሚሉኝ አልተሰማኝም። ሰውየው ግን ይፈታል።"

ገርባ ሲፈታ በኮሪደሩ አብተውን ቆም ብሎ ጠበቀው። "ስለ ገመዳ ነበር የጸለይኩት" አለው በሹክሹክታ። "ስሙን ለሚሊሻ ያወጣሁት እኔ ነኝ። እንዳይሞት ብዬ ስጸልይ ሞተ።"

አብተው ወደ ቢሮው ተመልሶ ተቀመጠ። ሁለት ሰደፍ ነበር። አንዱ ተንበርክኮ አደረ። እጁን ኪሱ ሲከት ፋሻውን አገኘው፤ ፈታው። ጠውልጎ የተኛ ሰርዶ ነው፤ ረጅም፣ በእጅ የተነቀለ፣ ከሥሩ ጭቃ ያለበት። ሲወድቅ የጨበጠው ነው ብሎ ነበር። ግን የሎሚ ማሳ እንደተላጨ ራስ ንጹሕ ነው፤ አንዲት አረም አልነበረችበትም።

በማግስቱ ለቡዜ አሳያት። "ይሄ ሣር የት ነው የሚበቅለው?" ነበር ሊላት ያሰበው፤ አልጨረሰውም።

ቡዜ ሣሩን አየች። መሬት ላይ ተቀመጠች። ያ ሁሉ ቀን የጠፋው እንባ አንድ ላይ መጣ።

"ኤሬ! ሄዶ ነበር! ያ ዋቅ፣ አምላኬ! ሄዶ ነበር ለካ!"

"ወዴት?"

"ወደ እርቅ ነዋ!" ብላ ጮኸችበት። "እናንተ ከተሜዎች ምንድን ነው የምታውቁት? ያጠፋ ሰው ዱላውን ቤቱ ትቶ፣ ከውሃ ዳር እርጥብ ሣር ነቅሎ፣ ሲነጋጋ ወደበደለው ሰው ይሄዳል። ሣሩን ወደፊት ዘርግቶ ይሄዳል። የተበደለው ተቀብሎ እስኪያናግረው አፉን አይከፍትም፤ ቢሰድቡት አይመልስም፤ ተመለስ ቢሉት አይመለስም። ሣር የያዘን ሰው ጠላት እንኳ አይመታውም!" ሣሩን ከእጁ ነጥቃ ጉንጯ ላይ አደረገችው። "ተጣልቶ የዘመተ ሰው ሬሳው አይመለስም ብሎኝ ነበር በዋዜማው ማታ። እኔ ጠርጥሬ ነበር። መጥረቢያ ይዞ ነው ሲሉኝ ግን አመንኳቸው። በባሌ ላይ አመንኳቸው!"

አብተው ቆቡን አውልቆ ቆመ።

ሎሚን ሽንኩርት ስትነቅል አገኛት። ብቻዋን አይደለችም፤ አምባዬ ጠመንጃውን ዳር ላይ አስቀምጦ ጆንያ ይይዝላታል። ጎጆዋ ደጃፍ ላይ ያለው የማገዶ ክምር ጨምሯል፤ ሁሉም በጉልበት የተሰበረ። አብተው ክምሩን አየ፤ አሁን ግን አላለፈውም።

"እማማ ሎሚ፣ እንጨት በጉልበትዎ ነው የሚሰብሩት?"

እጇ ሽንኩርቱ ላይ ቆመ።

"መጥረቢያዎ የት ሄደ?"

"አንተ ጋ ነው" አለች፣ ቀና ሳትል። "እኔ ነኝ የገደልኩት። ውሰደኝ።"

"በምን?"

"በመጥረቢያው።"

"መጥረቢያው ደም አልነካውም።"

"እንግዲያውስ በድንጋይ።"

"እማማ..."

"በድንጋይ አልኩህ! ምን ትፈልጋለህ? ሰው ገደልኩ ስልህ አልገደልሽም ትለኛለህ?"

"ተይ እማማ" አለ አምባዬ። ጆንያው ከእጁ ወደቀ፤ ሽንኩርቱ በመደቡ ላይ ተንከባለለ። "ተይ በቃ። እኔ መተኛት አልቻልኩም።"

"አንተ ዝም በል!"

"ጉም ነበር፣ ጌታዬ" አለ አምባዬ ወደ አብተው ዞሮ። "የሚመጣ ሰው አየሁ። ቁም አልኩት። አልቆመም። ማነህ አልኩት፤ አይመልስም። አንድ ነገር ወደፊት ዘርግቶ ይመጣል። ቢላ መሰለኝ። ሁለተኛ ቁም አልኩት። ጎንበስ አለ፤ ሊዘልብኝ መሰለኝ። እሱ ለካ እየተንበረከከ ነው።" "እርስዎ ነግረውኝ ነበር። እንዳሉኝ ነው ያደረግሁት። ጥይት አላባከንኩም፣ ጌታዬ።"

ምክሩን እነግራችኋለሁ ብያችሁ ነበር። አብተው ልጁን ሲሸኝ ጣቢያው ሁሉ እየሰማ፣ "ስማ አንተ የሰንጋ ተራ! ዝም ብሎ ወደ ማሳው የሚመጣ ሰው ሰላምታ ሊያቀርብልህ አይደለም። ጥይት ለግንባር ነው፤ አንተ ሰደፍ ይበቃሃል" ነበር ያለው። ሁሉም ስቀዋል። አብተውም ስቋል።

አሁን ግን የሽንኩርት መደብ ላይ ቁጭ አለ።

"ስወጣ ወድቋል" አለች ሎሚ፣ ቀስ ብላ። "እጁን አየሁ። ሣሩን አየሁ። ለኔ ነበር። እስከዚያች ቀን ድረስ ገመዳ ለኔ ያመጣው ነገር እሱ ብቻ ነው። ጣቶቹን ልፈለቅቅ ታገልኩ፤ እምቢ አለኝ። በቁሙም እንዲሁ ነበር፤ የያዘውን አይለቅም።" እንባዋ በሽንኩርት በቆሸሸው ጉንጯ ላይ ወረደ። "ይህ ልጅ ይንቀጠቀጣል። እናቱ አንድ እሱን ነው ያላት፤ ሲነግረኝ ከርሟል። ከእናቱ ቤት ያመጣው ማን ነው? ዳኛው ፊት ያለቀስኩት እኔ ነኝ። ጠባቂ ለመንኩ፤ ተሰጠኝ። ጠበቀኝ። ታዲያ በምን አፌ አሳልፌ ልስጠው? መጥረቢያዬን አምጥቼ አጠገቡ ጣልኩት። ሊገድለኝ መጣ ይበሉ ብዬ። ገመዳ እንደሁ ሞቷል፤ ምን ይጎዳዋል ብዬ።"

"ቡዜን ጎድቷታል" አለ አብተው።

ሎሚ ነጠላዋን አፏ ውስጥ ከተተች።

ነገሩ ወደ በላይ አካል ሄደ። ከበላይ የመጣው መልስ አጭር ነው፤ ጠባቂው በፍርድ ቤት ትእዛዝ ላይ ነበር፣ ግዴታውን ተወጥቷል፣ መዝገቡ ይዘጋ። ለአምባዬ ግን አልተዘጋለትም። ግንባር ላኩኝ ብሎ ጻፈ። በጅጅጋ በኩል ሄደ፤ ከዚያ በኋላ ያየው የለም። አብተውም ከዚያ ወዲያ ለጥበቃ የሚልከውን ፖሊስ ሁሉ መጀመሪያ ወደ ውሃ ዳር ወስዶ እርጥብ ሰርዶ ያስይዘው ነበር። "ይህን እየው" ይለዋል። "ይህን የያዘ ሰው ከመጣ ጠመንጃህን መሬት አስቀምጥ።" ፖሊሶቹ መቶ አለቃው አበደ ይሉ ነበር።

መሬቷ ለሎሚ ቀረች። ሽንኩርቷን ነቅላ የጨረሰች ዕለት ጎህ ሲቀድ ወደ ቦዩ ወረደች። ሰርዶ ነቀለች። ሣሩን ብቻ ይዛ፣ ያለ ዱላ፣ ያለ ጠባቂ፣ ወደ ቡዜ ቤት ሄደች። አብተው ላንድሮቨሩን ከዛፍ ሥር አቁሞ ያያል። ሎሚ በሩ ላይ ተንበረከከችና ሣሩን ዘረጋች። አልተናገረችም። ጎረቤት ተሰበሰበ። ቡዜ ከውስጥ ሆና፣ "ባሌን ፖሊሱ ልጅ ገደለው፤ ስሙን የገደለው ግን መጥረቢያሽ ነው!" ብላ ጮኸች። ሎሚ አልመለሰችም። ፀሐይ ወጣች። ኋላ በሩ ተከፈተ። ቡዜ ወጣች፤ ቆመች፤ ጎንበስ አለችና ሣሩን ከሎሚ እጅ ተቀበለች። ሁለቱም አለቀሱ።

ታሪኩ ይኸው ነው። የላንድሮቨሩ ነገር እውነት ነው። የቢምቢዋም፣ የቄሱም ጥምጥም እውነት ነው፤ ስለ እነሱ የምለውጠው የለኝም። አንዲት ነገር ብቻ ከራሴ ጨምሬያለሁ፤ አሁን የምነግራችሁ፣ ሳልናገር ብቀር አፌ ስለማይዘጋልኝ ነው። በሩ አልተከፈተም። ፀሐይዋ አናት ላይ ወጥታ ወደ ሐይቁ እስክታዘቀዝቅ ሎሚ እንደ ተንበረከከች ዋለች፤ ሣሩም እጇ ላይ ደረቀ። በታሪኬ ውስጥ የተቀበልኩላት እኔ ነኝ።